የስለት ዘይት

ሁለተኛው ማርሽ ድምፅ ሳያሰማ ገባ። ካሣሁን እግሩን ከፍሪሲዮኑ ላይ ቀስ አድርጎ አነሳና የእድሩን መኪና ከሬሳ ማቆያው ግቢ አወጣት። ሌላ ቀን ቢሆን እንዲህ ልስልስ ብሎ የሚገባ ማርሽ ደስ ያሰኘው ነበር። ዛሬ ግን በቀየረ ቁጥር ጆሮውን ይጥላል፤ አንዲት ሲጥ የምትል፣ አንዲት የምትፋጭ ነገር ትሰማው እንደሆነ ይጠብቃል። አትሰማውም። ካምቢዮው እንከን አልነበረውም፤ ካሣሁንን ያስጨነቀውም ይኸው እንከን ማጣቱ ነው።

ከማርሹ ዘንግ ማዶ፣ በስተግራው፣ ሠናይት ነጠላዋን አዘቅዝቃ ተቀምጣለች። ከኋላቸው፣ ወንበሮቹ ተነቅለው ወለሉ ምንጣፍ በለበሰበት ክፍል፣ የልጇ የፀደንያ አስከሬን በሣጥን ተኝቷል። ፀደንያ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርቷን ከጨረሰች ገና ዓመት አልሞላትም ነበር። የእድሩ ሴቶች ሠናይትን ደግፈው ከኋላ በሚከተለው መኪና ሊያስገቧት ሲሉ እጃቸውን አስለቅቃ፣ «እኔ ከልጄ ጋር ነኝ» አለችና ብቻዋን ወጥታ እዚህ ተቀመጠች። ከትናንት ጀምሮ አንዲት ዘለላ እንባ አልወጣትም። ወዳጇ ብዙነሽ፣ «ምነው ባለቀሰችልኝ! እንዲህ ደርቃ ልትቀርብኝ ነው» እያለች በሷ ፈንታ ስታነባ ነው ያደረችው።

የኅዳር ዝናብ ናይሮቢን አጨቅይቷታል። ቤተ ክርስቲያኑ ወዳለበት ወደ ላቪንግተን በሚያወጣው መንገድ ላይ መኪናው ተደርድሮ ቆሟል። አንድ ማታቱ የሚሉት የሕዝብ ታክሲ በእግረኛው መንገድ ላይ ወጥቶ ቀደማቸውና አፍንጫውን ፊታቸው ደነቀረ። በሩ ላይ የተንጠለጠለው ረዳት የመኪናዋን ጎን በመዳፉ ሊመታ እጁን ካነሳ በኋላ በመስኮቱ የሣጥኑን መስቀል አየ፤ እጁን ሰብስቦ ኮፍያውን አወለቀ።

«ፖሌ ሳና፣ ማማ» ብሎ በስዋሂሊ ሠናይትን አጽናናት።

ሠናይት አላየችውም። ማታቱው ፈቀቅ ሲል ካሣሁን አንደኛውን፣ ቀጥሎም ሁለተኛውን አስገባ።

«ጋሽ ካሣሁን» አለች ድንገት።

«ወዬ ሠኒ።»

«ያ የሐምሌው ዘይት ገብቷል፤ አይደል?»

ካሣሁን መሪውን ጠበቅ አድርጎ ያዘ። ፀደንያ ካረፈችበት ሰዓት ጀምሮ ይህን ጥያቄ ሲጠብቀው ነበር። ምን ብሎ እንደሚመልስም አስቦበታል፤ ያሰበው ሁሉ ግን ጥያቄው ሲመጣ ከፊቱ ተበተነ። እውነቱ አፉ ላይ ደርሶ ተመለሰ።

«ገብቷል» አለ።

«የጠየቅኩህ፣ ምናልባት እኔ ያጎደልኩት ነገር ቢኖር ብዬ ነው።» ዓይኗን ከመንገዱ አልነቀለችም። «እንግዲያው ያጎደልኩት የለም። ያልኩትን አድርሻለሁ። እሱ ግን ወሰደብኝ። ከዛሬ ወዲያ እኔና ገብርኤል አንተዋወቅም፤ ደጁንም አልረግጥም።»

አልጮኸችም፤ አልተራገመችም። የበሰበሰ ቲማቲም ካመጣባት ነጋዴ ጋር ደንበኝነቷን የምታቋርጥ ነው የምትመስለው። ባሏ ከሞተ ወዲህ ፓርክላንድስ ያለውን ምግብ ቤቷን ብቻዋን ቀጥ አድርጋ የያዘች ሴት ናት፤ አንዴ ካለች አለች ነው። ካሣሁን ይህን ያውቃል።

ነገሩ እንዲህ ነበር። ባለፈው ክረምት መግቢያ ፀደንያ በደም ካንሰር ሆስፒታል ተኝታ፣ ሐኪሞቹም ፊታቸውን አዙረው በሚያወሩበት ሰሞን፣ ሠናይት ለገብርኤል ተሳለች። ልጅቱ ተሽሏት ወጣች። እናትም በሐምሌ ገብርኤል ስለቷን ይዛ ቤተ ክርስቲያን መጣች። ሌላው ሰው ጥላ፣ መጋረጃ፣ ጧፍ ይዞ ቆሞ ሳለ እሷ አንድ ጋሎን የካምቢዮ ዘይት ታቅፋ ነበር፤ ለእድሩ መኪና። ሰዉ መጀመሪያ ፈገግ አለ፤ ኋላ እልልታውን አቀለጠው። አባ ቶማስ ጋሎኑን በመስቀላቸው ባርከው ለካሣሁን ሰጡት። «ቦታውን የምታውቀው አንተ ነህ» አሉት።

እውነታቸውን ነው። ካሣሁን ኪሪንያጋ መንገድ ላይ መለዋወጫና ዘይት ይሸጣል፤ የእድሩን መኪና መንዳትም ማደስም ለነፍሱ ብሎ የያዘው ሥራ ነው። ጋሎኑን ተቀብሎ ጽሑፉን ወደ ራሱ ሲያዞር ግን እልልታው ከጆሮው ራቀ። ዘይቱ አምስት ቁጥር ነበር።

ለዚህች ያረጀች መኪና ካምቢዮ የሚስማማው አራት ቁጥር ነው። ውስጡ፣ ማርሽ ከማርሽ ከመግጠሙ በፊት ፍጥነታቸውን የሚያስማሙ የነሐስ ቀለበቶች አሉ፤ አምስት ቁጥር ውስጥ ያለው ኬሚካል ነሐስን ቀስ በቀስ ይበላል። አምስት የተሠራው ለኋላው ዲፈረንሻል ነው፤ እዚያ ብረት ብረትን በኃይል ስለሚጫን ብርቱ ዘይት ይፈልጋል። ብዙ ሰው ግን አምስት ከአራት ይበልጣል ብሎ ያስባል። ካሣሁን ባንኮኒው ላይ ተደግፎ ይህንኑ ሲያስረዳ የሚውል፣ አልሰማ ያለውን ደንበኛ «እንግዲያው አልሸጥልህም» ብሎ የሚመልስ ሰው ነው።

«የገዛሁበት ሱቅ አራትም ነበራቸው» አለችው ሠናይት በዚያ ቀን፣ ደስታዋን መደበቅ አቅቷት። «ለስለት አራት ይወሰዳል እንዴ? ከሁሉ የሚበልጠውን ነው ያመጣሁት።»

ምን ይበላት? ያ ሁሉ ሰው ከቧት፣ ልጇ ከስታም ቢሆን ከጎኗ ቆማ እየሳቀች፣ የተባረከውን ዘይት «አይሆንም፣ መልሺው» ይበላት? ይሉኝታ ያዘው። «ጥሩ አርገሻል» አላት።

ክፉ አላሰበም። ለካምቢዮው ከራሱ መደርደሪያ አራት ቁጥር አውርዶ ሞላ። የስለቱን ዘይት ለዲፈረንሻሉ አሰበው፤ ትክክለኛ ቦታው ነው፣ መኪናዋም ያችው መኪና ናት፣ ስለቱም አይጎድልም። የዲፈረንሻሉ ዘይት ግን የተቀየረው ገና ለፋሲካ ነበር። ንጹሕ ዘይት አፍስሶ መድፋት ለነጋዴ ዓይን ይከብዳል። «ጊዜው ሲደርስ» አለና ጋሎኑን መደርደሪያው አናት ላይ አስቀመጠው። በሳምንቱ ሠናይት «ገባ?» ስትለው «ገባ» አላት። ያኔ ውሸት አልመሰለውም። መግባቱ መቼ ይቀራል!

መስከረም ላይ የፀደንያ ጠጉር ማቆጥቆጥ ጀምሮ ነበር። አንድ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ግቢው ጭር ሲል መጥታ የካሣሁንን ክንድ ያዘች።

«ጋሽ ካሣሁን፣ ድራይቪንግ አስተምረኝ። ማንዋል ነው የምፈልገው፤ ኦቶማቲክማ ኤቭሪባዲ ይነዳል።»

«በዚች?» አለ እየሳቀ። «የለቅሶ መኪና እኮ ናት።»

«ሶ? ሞተር የላትም? ፖሌ ፖሌ፣ ቀስ ብዬ ነው የምነዳው፣ ፕሮሚስ።»

መሪው ላይ አስቀመጣት። ሞተሩን ደጋግማ አጠፋችው፤ በጠፋ ቁጥር እየሳቀች ታስነሳዋለች። በመጨረሻ መኪናዋ ተንቀሳቅሳ በግቢው ዙሪያ መሄድ ጀመረች። ሁለተኛውን ማርሽ ስታስገባ ፀደንያ ዓይኗ ፈጠጠ። «ሰከንድ ገባ! ሰማህ? ምንም ድምፅ የለውም!» አለች። ካሣሁን በዘይቱ ኮራ።

ያኔ ነው ሠናይት ከአዳራሹ የወጣችው። «ውረጂ!» ብላ ጮኸች። «ከዚያ መኪና አሁኑኑ ውረጂ!» ሮጣ መጥታ በሩን በርግዳ ልጇን በክንዷ ጎትታ አወረደቻት። ፀደንያ ተናዳ ሄደች። እናትዬው የመኪናዋን ጎን ተደግፋ ቀረች።

«አትቀየመኝ ጋሽ ካሣሁን» አለችው። «ስሳል ምን ብዬ እንደተሳልኩ አታውቅም። ልጄ በዚያች መኪና እንዳትጫን አርግልኝ፣ ዘይቷን እኔ አስገባለሁ ነው ያልኩት።»

ካሣሁን በማግስቱ ጋሎኑን ከመደርደሪያው አወረደው። መኪናዋ ያለችው ቤተ ክርስቲያን ስለሆነ ለእሑድ አለ። እሑድ ዘነበ፤ ከመኪና ሥር መተኛት አልተቻለም። ከዚያ ሞምባሳ ወደብ የደረሰ ዕቃ ጠራው። ዛሬ ነገ ሲል ሰንብቶ ከሞምባሳ ሲመለስ ፀደንያ ሆስፒታል ተመልሳ አገኛት። ከዚያ በኋላ ጋሎኑን ማየቱ ራሱ አስፈራው። ከሞተር ቺንጊያዎቹ ጀርባ ገፋ አድርጎ ደበቀው።

ቤተ ክርስቲያኑ ሲደርሱ ዝናቡ ከበደ። ወንዶቹ ሣጥኑን አውርደው በትከሻቸው ተሸክመው ለፍትሐቱ ገቡ። ሠናይት ከመቀመጫዋ አልተነቃነቀችም።

«ሠኒዬ፣ ነይ እንጂ» አለች ብዙነሽ በሩን ከፍታ። «ሊጀመር እኮ ነው።»

«ሂዱ። እኔ እዚሁ እጠብቃታለሁ።»

ሴቶቹ ለመኑ፤ አለቀሱ፤ አንዷም በጭቃው ላይ ልትንበረከክ ምንም አልቀራት። በመጨረሻ አባ ቶማስ ራሳቸው ጥላ ይዘው መጡ።

«ልጄ፣ ፀሎቱ ያላንቺ እንዴት ይሆናል?»

«የኔ ፀሎት ምን ሠራ፣ አባ? ያልኩትን አድርሼ ነበር። ጋሽ ካሣሁንን ይጠይቁት።»

አባ ቶማስ ወደ ካሣሁን ዞሩ። ካሣሁን አንገቱን ደፋ። ቄሱ ሐዘን የደቆሰው መሰላቸውና ትከሻውን ዳበስ አድርገው ወደ ውስጥ ተመለሱ። ሴቶቹም አንድ ባንድ ተከተሏቸው።

ካሣሁን ከአዳራሹ ክፈፍ ሥር ቆሞ ቀረ። ልጅቱ በዘይት ምክንያት ሞተች ብሎ የሚያምን ሰው አልነበረም። ሕመሙ ሊመለስ እንደሚችል ሐኪሙ ገና በሐምሌ ተናግሯል፤ ይህን ሠናይትም ሰምታለች። ገብርኤልስ ቢሆን አንድ ጋሎን ዘይት ቀረብኝ ብሎ የሰው ልጅ ይነጥቃል? አይነጥቅም። ይህን ሁሉ ለራሱ ደጋግሞ ነግሮታል፤ በሥራ መሐል ይዋጥለታል፣ አረፍ ሲል ይመለስበታል። ዝም ቢል ደግሞ ማንም አያውቅም። ከቀብር መልስ ጋሎኑን አምጥቶ፣ ከመኪናዋ ሥር ገብቶ መሙላት ነው። ከዚያ በኋላ «ገብቷል» ያለው ቃል እውነት ይሆናል። እድርተኛው እንደ ወትሮው ሲያየው ብድግ ብሎ ወንበር ይለቅለታል።

ሠናይት ግን እዚያ መኪና ውስጥ ናት። እንፋሎት በሸፈነው መስኮት በኩል የነጠላዋ ነጭ ብቻ ይታያል። ከውስጥ የካህናቱ ዜማ ተነስቷል፤ እሷ ወደዚያ ዘወር እንኳ አላለችም። ልጇን አጣች፤ አሁን ደግሞ የምታለቅስበትን ደጅ ልታጣ ነው። ለዚያውም የወቀሰችው እሱን አይደለም። በሱ ጥፋት መልአኩ እየተወቀሰ፣ እሱ ክፈፍ ሥር ቆሞ ዝናብ ይጠለላል። ካሣሁን አፈረ። እስከ ጆሮው ድረስ እሳት ሆነ። ከክፈፉ ወጥቶ በዝናቡ ውስጥ ወደ መኪናዋ ሄደ።

መሪው ፊት ተቀምጦ በሩን ዘጋ።

«ሠኒ፣ ዘይቱ አልገባም።»

ዞራ አየችው።

«ሱቄ ውስጥ ነው ያለው። እንደታሸገ ነው።»

ዝናቡ የመኪናዋን ጣራ ይደበድባል።

«ለምን?» አለች።

ሊነግራት ጀመረ። ስለ አራትና ስለ አምስት፣ ስለ ዲፈረንሻሉ፣ ለፋሲካ ስለተቀየረው ዘይት። ባንኮኒው ላይ ለስንቱ ሲያስረዳ ምላሱ የማይተሳሰር ሰው፣ አሁን የገዛ ቃሉን ሲሰማው ትርጉም አጣበት። ቢሆንም ጀምሮታልና ጨረሰው።

«ነሐሱን እንዳይበላው ነው» አለች በመጨረሻ፣ በትክክል ገብቷት እንደሆነ ለማረጋገጥ ያህል።

«አዎ።»

«ለነሐሱ ሳሳህለት።»

ካሣሁን አፉን ከፈተ። «ሠኒ፣ ሕመሙ እኮ ...»

«ዝም በል» አለችው። በቁጣ አልነበረም፤ ድካም ብቻ ነበር ድምጿ ውስጥ። ዓይኗ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ በር ሄደ። «እሱን ነበር ስወቅስ የዋልኩት» አለች።

በሩን ከፍታ ወረደች። ጫማዋን መኪናው ውስጥ ጥላ በጭቃው ላይ በባዶ እግሯ ሄደች። ከደጃፉ ላይ ተሳልማ ወደ ውስጥ ከገባች በኋላ ጥቂት ቆይቶ ጩኸቷ መጣ። «ልጄን! ልጄን!» የሚል፣ ከትናንት ጀምሮ ታፍኖ የኖረ ጩኸት። የካህናቱ ዜማ ለአፍታ ተናወጠና እንደገና ቀጠለ። ካሣሁን ከወንበሩ ላይ አልተነሳም። አንድ ጎኑ ላይ የተጋደመውን ጥቁር ጫማዋን አነሳ፣ ጭቃውን በመሐረቡ ጠረገና ከመቀመጫዋ ሥር አስተካክሎ አስቀመጠው።

ፍትሐቱ አልቆ ሣጥኑ ሲወጣ የኋላውን በር ከፍቶ ቆመ፤ ማንንም ቀና ብሎ አላየም። ሠናይት ለሰው ነግራ እንደሆነ አላወቀም። ባትነግርም ዛሬ ካልሆነ ነገ ትነግራለች፤ መብቷ ነው። ብዙነሽ አቅፋት ወደ ራሷ መኪና ስትመራት በዓይኑ ጥግ አየ። ከእንግዲህ አጠገቡ የምትቀመጥበት ምን ምክንያት አላት? ዞሮ ገብቶ ሞተሩን ሲያስነሳ የግራው በር ተከፈተ። ሠናይት ወጥታ ተቀመጠች። ዓይኗ አብጧል። የረጠበው ነጠላዋ ጫፍ የማርሹ ዘንግ ላይ ወድቋል፤ አልሰበሰበችውም።

«ሱቅህ ዛሬ ዝግ ነው?» አለች።

«ዝግ ነው። ቁልፉ ኪሴ ውስጥ አለ።»

«በዚያ በኩል ውሰደን።»

ካሣሁን የሰማውን ማመን አቃተው። «ሠኒ፣ የላንጋታ መቃብር በቀኝ ነው። ሱቁ ከተማ መሐል ነው። ቆፋሪዎቹ እየጠበቁ ነው፤ ሰዉም ሁሉ ከኋላችን ...»

«ይከተላ» አለች። ቆየት ብላም፣ «ባዶ እጄን አልቀብራትም» አለች።

ዘይቱን ምን ልታደርገው እንዳሰበች አልጠየቃትም። መኪናዋ ውስጥ አስገባው ትለው እንደሆነ፣ አፈሩ ላይ ታፈስሰው እንደሆነ፣ ወይም እድርተኛው በተሰበሰበበት አሸክማ ታቆመው እንደሆነ አያውቅም። የትኛውም ቢሆን እሺ ይላል። ነጠላዋን ከዘንጉ ላይ በቀስታ አንስቶ ጉልበቷ ላይ መለሰውና አንደኛውን ማርሽ አስገባ።

ከግቢው በር ላይ መሪውን ወደ ግራ ሲያዞር በመስተዋቱ ከኋላው የተሰለፉትን አየ። ሁሉም የቀኝ ፍሬቻ አብርተዋል። የብዙነሽ መኪና በሩ ላይ ቆማ አመነታች፤ ከኋላዋ አንዱ ክላክስ አደረገ። ከዚያ የቀኙ ፍሬቻዋ ጠፍቶ የግራው በራ። ተከታዩም እንደሷ አደረገ፤ የሱም ተከታይ።

ካሣሁን ሁለተኛውን አስገባ።

«ድምፅ የለውም» አለች ሠናይት።

«የለውም» አለ።